የዶክተር ሚስባህ የመጨረሻው ገዳይ

ስሞቹን ሁሉ ቀይሬያለሁ፤ የራሴንም ጭምር። ነገሩ የሆነበትን መንደርም አልጠራም። መርሳ ውስጥ ፎቶ ኮፒ ቤት ሞልቷል፤ የቷ እንደሆነች ልፈልግ የሚል ካለ ጫማውን ይጨርስ። ለምን እንደዚያ እንዳደረግሁ እስከ መጨረሻው የሰማኝ ይገባዋል።

እኔን ንግሥት በሉኝ። ከአስፋልቱ ገባ ብሎ ጽሕፈትና ፎቶ ኮፒ ቤት አለችኝ። አፈኛ ናት ይሉኛል፤ ይበሉኝ! መብራት መጣ ሄደ እያለ፣ ባለጉዳዩ ማመልከቻውን ይዞ «ቶሎ በይ እንጂ» እያለ ከበላዬ ቆሞ፣ ከዚህ የለሰለሰ አፍ ከየት ላምጣ?

ሐኪሙን ዶክተር ሚስባህ እንበለው። የሲሪንቃ ልጅ ነው። ወልድያ ላይ በመንግሥት ሥራ ዓመታት ቆይቶ፣ ኋላ እኛ ዘንድ መጥቶ ትንሽ ክሊኒክ ከፈተ። አብረውት የተማሩት ግማሾቹ አዲስ አበባ፣ ግማሾቹ ባሕር ማዶ ናቸው። እሱ ቀረ። «ለምን ቀረህ?» ሲሉት ለሕዝቤ ምናምን አይልም፤ እንዲህ ያለ ትልቅ ወሬ አያውቅበትም። «መሄዱም እኮ ይደክማል» ይላል። በጦርነቱ ጊዜ ክሊኒኩ ተዘርፎ የቀረው ግድግዳው ብቻ ነበር። ወንበር ተውሶ እንደገና ጀመረ። ነርሷ በዚያው ሄዳ ስላልተመለሰች ካርድ የሚያወጣው እሱ፣ መርፌ የሚወጋው እሱ፣ ወለሉን የሚወለውለው እሱ። ሚስት የለችው፣ ልጅ የለው። ዓይኑ ሥር ጠቁሮ፣ ትከሻው ወድቆ በሱቄ በር ሲያልፍ ሐኪሙን ከበሽተኛው መለየት ያስቸግር ነበር።

እማማ ሀጂራ የሚባሉ አሮጊት አሉ። ሁልጊዜ የሚያማቸው አንድ ነገር ነው፤ ወገባቸው፤ መድኃኒቱም አንድ ነው። ታዲያ እያንዳንዷን ቀን አዲስ በሽታ እንደመጣባቸው አድርገው ያወሩለታል፤ እሱም አዲስ እንደሰማ ሆኖ ይሰማቸዋል። «አንቱ፣ ዛሬ ደግሞ በየት በኩል ነው?» እያለ። እኔ ብሆን ገና በመጀመሪያው ሳምንት አባርሬያቸው ነበር።

ይሄ ሰው ታዲያ በሽተኛ ሲያልቅለት ተቀምጦ ሰው ይገድላል። በወረቀት ነው የምላችሁ! የወንጀል ልብ ወለድ ይጽፋል። የመድኃኒት ድርጅቶች በሚያድሉት ወረቀት ጀርባ ላይ በዚያ የሐኪም ጽሕፈቱ ይሞነጫጭረዋል። ያንን ጽሕፈት በመላው ሐብሩ ወረዳ የምናነበው ሁለት ሰዎች ነን፤ ፋርማሲ ያለው ሄኖክና እኔ። ስለዚህ መጽሐፎቹን ሁሉ በኮምፒውተር የጻፍሁለት እኔ ነኝ። ገዳዩ ማን እንደሆነ ከሰው ሁሉ በፊት የማውቅ እኔ! ሰው ማመልከቻ ሊያስጽፍ መጥቶ «እትዬ ንግሥት፣ በሞቴ፣ ገዳዩ ነጋዴው ነው አይደል?» ይለኛል። «ገዝተህ አንብብ!» ብዬ አባርረዋለሁ። መግዛቱን ትቶ የተዋሰውን መጽሐፍ ፎቶ ኮፒ ሊያስነሳ እኔው ዘንድ ይመጣል፤ ድፍረቱ!

ዶክተሩ ሲጽፍ አንድ አመል አለበት። የመጽሐፉን ሰዎች ባንድ ጊዜ ሁለት ቦታ ያስቀምጣቸዋል። ሰውዬው ወልድያ መናኸሪያ ሻይ ሲጠጣ እንተወውና፣ ብዙ ገጽ ሳንሄድ በዚያው ሰዓት ሐራ ገበያ ላይ በፍየል ዋጋ ሲከራከር እናገኘዋለን። በዕድሜ ስለምበልጠው አንተ ነው የምለው፤ «ዶክተር፣ ሰውዬህን ሁለት ቦታ አስቀመጥኸው» እለዋለሁ። ግንባሩን ይይዝና «እትዬ ንግሥት፣ አንቺ ባትኖሪ መርማሪዬ ራሱ ይታሰር ነበር» ይላል። ከዚያ ቁጭ ብሎ ቀዳዳዋን ይደፍናታል። መድፈን ይችልበታል፤ አንዲት ዓረፍተ ነገር ጣል ያደርግና ነገሩ ልክ ይሆናል።

አንድ ጊዜ ጠየቅሁት። «ሰው ሲሞት ስታይ ውለህ ደግሞ ሰው ስትገድል ታመሻለህ፤ አይሰለችህም?» አልሁት።

«በሥራዬ ሰው ይሞትብኛል፣ ለምን እንደሞተ ሳላውቅ ዘመድ ይዞት ይሄዳል» አለኝ። «እዚህ መሣሪያ የለኝ፤ ወደ ትልቅ ቦታ ላክሁት ስል መንገድ ይዘጋል። በመጽሐፉ ግን መጨረሻ ላይ ምክንያቱ ይታወቃል። ያችን ምክንያት ለማግኘት ነው የምጽፈው።»

ይሄን ሲናገር ዓይኑን ጨፍኖ ነበር። አሳዘነኝ። እንዳያውቅብኝ ግን «ሂድና ተኛ!» ብዬ ጮኽሁበት።

ከመጽሐፎቹ ሁሉ ስሙን ያስጠራው «ሦስተኛው ሳህን» ነው። በታሪኩ ሚስት ባሏን በምሳው ውስጥ መርዝ ጨምራ ትገድለዋለች። ሐኪም መጥቶ «ልቡ ነው» ይላል። ሽማግሌ ይቀመጣል፤ ሴትዮዋ ቁርአን ይዛ «አልገደልሁም» ብላ ትምላለች፤ ነጻ ትወጣለች። መጨረሻ ላይ መርማሪው ሐኪሙም እንደተሳሳተ፣ እሷም በሐሰት እንደማለች ያወጣዋል። የመሐላው ቦታ ላይ ስደርስ እጄ ቆሞ ነበር። «ዶክተር፣ ይሄን ተው። በኛ አገር በመሐላ አይቀለድም» አልሁት። «ልብ ወለድ እኮ ነው» አለኝ። መጽሐፉ ወጣ፣ ተወደደ። አንድ ሥራ ፈት ደግሞ ከዳር እስከ ዳር በድምፁ አንብቦ በቴሌግራም ለቀቀው፤ ፊደል ያልቆጠረውም ሁሉ ሽንኩርቱን እየኮተኮተ ሰማው።

አሁን ከድጃ የምላትን ሴት ላስተዋውቃችሁ። በገበያ ቀን ከሱቄ በር ላይ ማንጎ ትሸጣለች። ሳቋ ከመንገዱ ማዶ ይሰማል፤ ማሽኔ ሲበላሽብኝ እንኳ የምታስቀኝ እሷ ነበረች። ባሏ ዓሪፍ በመስኖ ሽንኩርት የሚያለማ ገበሬ ነበር። አንድ ወቅት ደረቱን አሞት ዶክተር ሚስባህ አይቶታል። ልብህ ደክማለች፣ ደሴ ሄደህ ታይ ብሎታል። ዓሪፍ «ሽንኩርቱን ላንሳና» አለ፤ ሽንኩርቱ ሲነሳ መንገዱ ተዘጋ፤ በዚያው ቀረ። ከዚያ በአንዱ የገበያ ቀን ከመርሳ ቤቱ ተመልሶ ምሳውን በላ፣ ጋደም አለ፣ አልተነሳም። ጀናዛ አይቆይምና ፀሐይ ሳትጠልቅ ተቀበረ። ሐኪም አላየውም፣ ፖሊስ አላየውም።

ያን ቀን እኔና ዶክተሩ መርሳ አልነበርንም። ይችን ያዙልኝ። አዲሱን መጽሐፉን ለማተሚያ ቤት ልናሳይ ክሊኒኩን ዘግቶ ማለዳ በሚኒባስ ወልድያ ሄደን ነበር። መንገዱን ሙሉ መስታወቱ ላይ ተደግፎ አንቀላፋ፤ የትውልድ አገሩን ሲሪንቃን እንኳ በእንቅልፍ ነው ያለፈው። ሽፋን ስናማርጥ ዋልን። ሰዎቹ ደም የሚንጠባጠብበት ቢላዋ ሲያሳዩት «ደም አይሁን፣ እባካችሁ። ደም ሰለቸኝ» አለ። ወደ ማታ ስንመለስ ሰው ከቀብር ሲመለስ አገኘን።

ወሬው ወዲያው ተነሳ። የዓሪፍ ታላቅ ወንድም ኡበይደላ መጽሐፉን በስልኩ ሰምቶታል። «በላ፣ ተኛ፣ ሞተ። አንድ በአንድ እንደ መጽሐፉ ነው!» አለ። ባልና ሚስቱ ከጥቂት ጊዜ በፊት ሽንኩርቱን አሁን እንሽጥ በኋላ እንሽጥ ብለው ገበያ መሐል ተጨቃጭቀው ነበር፤ እሱም ተጨመረበት። ፖሊስ ጠይቆ ጠይቆ ማስረጃ የለም ብሎ መለሳቸው። ኡበይደላ ግን «ልጆቹን ትታ ትውጣ። የወንድሜን ገዳይ በወንድሜ ቤት አላይም» ብሎ ተነሳ። የከድጃ ወንድም ሞላ ደግሞ ከሐራ በኩል ጠመንጃውን ይዞ መጣ። «እህቴ ነፍሰ ገዳይ ተብላ ከልጆቿ ከተነጠለች አንዳችን እንቀበራለን» አለ። እንግዲህ ነገሩ ይሄ ነበር። ከድጃ ካልነጻች ልጆቿን ታጣለች፣ ከዚያም ሌላ መቃብር ይቆፈራል።

ሽማግሌ ተቀመጠ። በነዓሪፍ መንደር፣ ከመስጊዱ ጀርባ ካለው ሾላ ሥር፣ ሸህ አብዱልሐሊም መሐል ሆነው፣ ከኛም ከክርስቲያኑ ወገን አባቶች ተጨምረው። እኔ ከድጃን ደግፌ ከሴቶቹ ጋር ተቀመጥሁ። ከንፈሯ ደርቆ ነበር። «አብሽሪ፣ አይዞሽ፣ ዛሬ ያልቃል» እላታለሁ፤ እኔም ግን ፈርቻለሁ።

በኛ ሽምግልና ምስክር በሌለበት ነገር የተጠረጠረው ይምላል። ከማለ አለቀ፤ ቀሪውን ሰው ለፈጣሪ ይተወዋል፣ ከዚያ በኋላ ማንም በክፉ ዓይን አያየውም። ከድጃም ይችን ተማምና ነው የመጣች። «ቁርአኑን አምጡልኝ፣ ልማል» አለች። ኡበይደላ ብድግ አለ።

«መሐላዋን አልቀበልም! በመጽሐፉም ላይ ምላለች!»

ወይ ጉድ! መሐላ አልቀበልም ሲባል በዕድሜዬ ሰምቼ አላውቅም። ይቆጡታል ብዬ ስጠብቅ፣ ከኋላ ያሉት «እውነቱን ነው» ማለት ጀመሩ። «እንግዲያ የጻፈው ሰው ይምጣና ይንገረን» ተባለ። ባጃጅ ተላከና ዶክተሩን ከክሊኒኩ አመጡት። የሥራ ካፖርቱን እንኳ አላወለቀም።

«ሸህ፣ ይፍቀዱልኝ» አለ። «ዓሪፍን ቀደም ሲል አይቼዋለሁ። ልቡ ደካማ ነበረች፤ በልቡ ድካም የሞተ ይመስለኛል። በሞተ ቀን ግን ስላላየሁት እርግጠኛ ነኝ ማለት አልችልም። ሰው እንዲህም ይሞታል። በልቶ ይተኛል፣ አይነሳም፤ ማንም ሳይገድለው።»

«የመጽሐፉም ሐኪም ልቡ ነው ብሎ ነበር!» አለ ኡበይደላ።

«እሱን እኮ የጻፍሁት እኔ ነኝ። ፈጥሬ ነው። ውሸት ነው።»

«ያኔ ከዋሸህ አሁን ላለመዋሸትህ ማን ዋስ ይሆነናል?»

ዶክተሩ የመሐላውን በር ዘግቶታል፣ የሐኪሙንም በር ዘግቶታል፤ ሁለቱንም በገዛ እጁ፣ በእኔ ማሽን። ሞላ ጠመንጃውን ከጉልበቱ ላይ አነሳ። ከድጃ ክንዴን ይዛ «እትዬ ንግሥት፣ ልጆቼን ሊወስዱብኝ ነው» አለችኝ።

እኩለ ቀን ላይ የዙሁር አዛን ሲሰማ ሽምግልናው ለሰላት ተቋረጠ። ሰግደው ሲወጡ ዶክተሩ ወደ እኔ መጥቶ አፈሩ ላይ ቁጭ አለ።

«እትዬ ንግሥት፣ በሽምግልና በደሉን ያመነ ሰው ይምላል እንዴ?»

«አንተ ደግሞ! የሚምለው የካደ ነው። ያመነን ማን ያስምለዋል?»

«ማስረጃስ አይጠይቁትም?»

«አምኖ ምን ይጠይቁታል? ደግሞ አሁን መጽሐፍ የምታስብበት ሰዓት ነው?» ብዬ ተቆጣሁት።

«እውነትሽን ነው። ይቅርታ» አለና ሱሪውን አራግፎ ሄደ።

ሰው ተመልሶ ሲቀመጥ እሱ ቆሞ ጠበቀ። «ሸህ፣ ከሰላት በፊት ያልተናገርሁት ነገር አለ። ፈርቼ ነው» አለ። «ዓሪፍን በሞተ ቀን አይቼዋለሁ። ክሊኒኩን ቆልፌ ስወጣ በሩ ላይ አገኘኝ። ደረቴን ወጋኝ፣ ክንዴን ከበደኝ አለኝ። መልሼ ከፍቼ ላየው ይገባ ነበር። ደክሞኝ ነበር። ጨጓራህ ነው፣ ሂድና ምሳህን ብላ፣ ከዚያ ጋደም በል አልሁት። እንዳልሁት አደረገ። ገዳይ ከፈለጋችሁ እኔ ነኝ፤ ይች ሴት የለችበትም።»

ጆሮዬን አላመንሁም። ያን ቀን እኮ ወልድያ ነበርን! ከጎኔ ተቀምጦ ሲያንኮራፋ ነበር እኮ! ሰውዬው ራሱን ሁለት ቦታ አስቀመጠ። ደግሞ ቀዳዳዋን ደፍኗታል፤ ክሊኒኩ ያን ቀን ዝግ መሆኑን ያየ ቢኖር እንኳ «ቆልፌ ስወጣ» ብሏል። ምሳውንም፣ መጋደሙንም አስገብቷል። ከተናገረው ሁሉ እውነቷ አንዷ ናት፤ ደክሞኝ ነበር የምትለዋ። «ውሸቱን ነው!» ብዬ ልነሳ ከጀለኝ፣ ወገቤም ተነስቶ ነበር። ዞር ብሎ አየኝ። ጽሑፉን ሳነብለት፣ ይችን እንዳትነኪብኝ ሲለኝ የሚያየኝ አስተያየት ነው። ተቀመጥሁ። አፌን እንደዚያ ቀን ይዤው አላውቅም።

እሱንም ማንም አላስማለውም። ያመነ ነዋ።

ኡበይደላ፣ ያ ሲፎክር የዋለ ሰው፣ መሬት ላይ ተቀምጦ «ወንድሜን! ምሳህን ብላ ብሎ!» እያለ አለቀሰ። ለካ ሰውዬው እስከዚያ ቀን አላለቀሰም ነበር። ሞላ ጠመንጃውን አንግቶ ራቅ ብሎ ቆመ። ሽማግሌዎቹ ተመካከሩ፤ ስሕተት ነው፣ ደም አይቆጠርም፣ ካሳውን ለዓሪፍ ልጆች ይስጥ፣ ወደ ሌላ ክስም አይኬድ አሉ። ዶክተሩ ሁሉንም እሽ አለ። ከድጃም በሰው ፊት ነጻ ናት ተባለ፤ ኡበይደላ ተነስቶ ዓፉ በይኝ፣ ይቅር በይኝ አላት። ዱዓ ተደረገ። አሚን ሲባል እኔም አሚን አልሁ።

ከድጃ ተነስታ ወደ ዶክተሩ ሄደች። አመሰግናለሁ ልትለው መስሎኝ ነበር፤ እኔ ጅሏ!

«ደክሞኝ ነበር ነው ያልኸው?» አለችው። «የልጆቼ አባት ደረቴን ሲልህ፣ ደክሞኝ ነበር?»

«አዎ» አለ።

«አላህ ድካምህን አያንሳልህ!»

ራሱን ነቀነቀ፤ እንደሚቀበል ሰው።

በባጃጅ አብረን ተመለስን። ሞተሩ እየጮኸ ስለነበር ወደ ጆሮው ጠጋ ብዬ «ሰውዬህን ሁለት ቦታ አስቀመጥኸው» አልሁት። እንባዬ ይወርዳል፣ ንዴት ይሁን ኀዘን እንጃ።

«አውቃለሁ» አለ። «ካንቺ በቀር የሚያገኘው የለም።»

«ለምን? ምን አግብቶህ?»

«መሐላዋን የነጠቅኋት እኔ ነኝ። ሰውም ገዳይ ካልሰጡት ከተቀመጠበት አይነሳም፤ ያስለመድሁት እኔ ነኝ።» ከዚያ ጭንቅላቱን ብረቱ ላይ አስደግፎ ዓይኑን ጨፈነ። እስከ መርሳ አልገለጠውም።

ከዚያ ወዲህ ክሊኒኩ ባዶ ነው ማለት ይቻላል። ደክሞኝ ነበር ካለ ሐኪም ዘንድ ማን ልጁን ይወስዳል? ሰው በበሩ አልፎ ወልድያ ይሳፈራል። የሚመጡት መሳፈሪያ ያጡት ናቸው፤ እማማ ሀጂራም አልቀሩም፣ ወገባቸውን ይዘው እየመጡ ያወሩለታል። አዲሱ መጽሐፍ አልታተመም። «ተይው፣ ሰው መግደል በቃኝ» አለኝ። እኔ ደግሞ እውነቱን ብናገር ኡበይደላ ተመልሶ ይነሳል፣ ነገሩ ዞሮ ከድጃ ላይ ይወድቃል። ስለዚህ ባለጉዳዮቼ «ያ ገዳይ ሐኪም» እያሉ ሲያወሩ እየሰማሁ ማመልከቻቸውን እጽፋለሁ። እኔ ንግሥት፣ አፈኛዋ! አንዳንድ ቀን ከማሽኑ ጀርባ ሆኜ ጥርሴን ነክሼ አለቅሳለሁ።

ከድጃ ከልጆቿ ጋር በቤቷ አለች። በገበያ ቀን በሱቄ በር ላይ ማንጎ ትሸጣለች፣ ሳቋም ቀስ በቀስ ተመልሷል። ዶክተሩ ሲያልፍ ግን ፊቷን ታዞራለች። አንድ ቀን ሊገዛት ጎንበስ ቢል ጨርቁን በማንጎው ላይ አለበሰችበትና «አይሸጥም» አለችው። ገንዘቡን ወደ ኪሱ መልሶ ሄደ። ወደ እኔ ዞራ «እትዬ ንግሥት፣ ይሄን ሰው እንዴት ሰላም ትይዋለሽ? ልብ የለሽም እንዴ?» አለችኝ። ገባሁና ማሽኑን አስነሳሁ።

ማንጎ ይወዳል፤ በማንጎ ያደገ የሲሪንቃ ልጅ ነው። ስለዚህ በየገበያው ቀን እኔ እገዛለታለሁ። ባለፈውም ፌስታል ይዤ ወጣሁ። «ለማን ነው?» አለችኝ። «ለኔ ነው» አልኋት። «ላንቺ ከሆነማ» አለችና ከላይ ያለውን ትታ ከሥር ከሥር የበሰለውን እየመረጠች ሞላችልኝ፣ አንዱንም መርቃ ጨመረችልኝ።

በክሊኒኩ የጓሮ በር ገብቼ ጠረጴዛው ላይ አስቀመጥሁለት። ከወንበሩ ሳይነሳ አንዱን አንስቶ አሸተተው።

«እሷ ናት የመረጠችው?» አለኝ።

«እሷ ናት።»

«ዛሬ ስቃ ነበር?»

«ከመንገዱ ማዶ ይሰማ ነበር» አልሁት።

እሽ አለና ቢላዋ ፍለጋ ተነሳ።